ሚሌ ሺህ ከሆነ ሚሊግራም እንዴት አንድ ሺኛ ሆነ?

ጥያቄው የመጣው ከአንዲት የፋርማሲ ተማሪ ነው። አሳጥሬ ላስቀምጠው፦ «በላቲን ‹ሚሌ› ማለት ሺህ ነው ተብለን ተማርን። ሚሊግራም ግን የግራም ሺህ እጥፍ ሳይሆን አንድ ሺኛው ነው። ሚሊዮን ደግሞ ሺህ ሳይሆን ሺህ ጊዜ ሺህ ነው። በዚያ ላይ አንዳንዴ ‹ሚሌ›፣ አንዳንዴ ‹ሚሊያ› ተብሎ አያለሁ። ቃሉ በትክክል ምን ማለት ነው? አገባቡስ እንዴት ነው?»

እህቴ፣ ጥያቄሽ በጣም ደስ ብሎኛል። ላቲን ሳስተምር ቁጥሮቹን ሸምድዶ የሚያልፈው ብዙ ነው፤ «ለምን?» ብሎ የሚቆመው ጥቂት ነው።

አጭሩን መልስ ላስቀድም። ሚሌ ሺህ ነው፤ የተማርሽው ልክ ነው። «ሚሊ» አንድ ሺኛ እንዲሆን የወሰኑት ግን ሮማውያን አይደሉም፤ እ.ኤ.አ. በ1795 ፈረንሳዮች ናቸው። ሚሊዮንን ደግሞ ጣሊያኖች ናቸው ከሮማውያን በኋላ የፈጠሩት። ቃሉ ተጉዟል፤ በየደረሰበት አዲስ ሥራ ተሰጥቶታል።

ከአነባበቡ እንጀምር። በ«ሚሌ» ውስጥ «ሌ» ይጠብቃል፤ «ቤት አለ» ስንል «ለ» እንደሚጠብቀው። በ«ሚሊያ» ውስጥ ግን «ሊ» ይላላል፤ «እሺ አለ» ስንል እንደሚላላው። በላቲን ፊደል ይህ ልዩነት በጽሑፍ ይታያል፤ የጠበቀው ተደርቦ ይጻፋል፣ የላላው ነጠላ ሆኖ ይቀራል። በኋለኞቹ መጻሕፍት ሚሊያንም በድርብ ፊደል የጻፉ ሞልተዋል። ብታገኚው አትደናገሪ፣ ያው ቃል ነው።

አሁን ወደ ዋናው ነገር። ሚሌ ነጠላው ነው፣ ሚሊያ ብዙው ነው። ጠባያቸው ግን ለየቅል ነው።

ላቲን ስሙንም ቅጽሉንም እንደ አገባቡ መጨረሻውን ይለውጣል። ሚሌ ግን ንቅንቅ አይልም። «ሚሌ ሚሊቴስ» ሺህ ወታደሮች ማለት ነው። «ከሺህ ወታደሮች ጋር» ለማለት «ኩም ሚሌ ሚሊቲቡስ» ትያለሽ። ወታደሮቹ መጨረሻቸውን ለወጡ፤ ሚሌ እንዳለ ቆመ።

ሁለት ሺህ ላይ ስንደርስ ነገሩ ይለወጣል። ሚሊያ ቅጽል መሆኑን ትቶ ራሱን የቻለ ስም ይሆናል። ሚሊያ፣ ሚሊዩም፣ ሚሊቡስ እያለ ይረባል። የሚቆጠረው ነገር ደግሞ የባለቤትነቱን አገባብ፣ ማለትም በአማርኛ «የ» የምንልበትን፣ ይይዛል። «ዱዎ ሚሊያ ሚሊቱም» ቃል በቃል ሲፈታ «የወታደሮች ሁለት ሺዎች» ነው።

ይህ ነገር ብዙ ተማሪ ያስቸግራል። እኔ ሁልጊዜ የምሰጠው ምሳሌ ደርዘን ነው። «ሁለት ደርዘን እንቁላል» ስትዪ የምትቆጥሪው ደርዘኑን ነው፤ እንቁላሉ ደርዘኑ ውስጥ ያለው ነገር ነው። ሮማዊውም «ሁለት ሺህ ወታደር» ሲል የሚቆጥረው ሺዎቹን ነው። ሺህ ለእሱ እንደ ደርዘን፣ እንደ ኩንታል አንድ ጥቅል ነገር ነበር። ይህን ከያዝሽ የሚሌ ሌላው ጠባይ ሁሉ ይገባሻል።

በጥንቱ ላቲን ነጠላው ሚሌም እንዲሁ እንደ ጥቅል ያገለግል ነበር። ከልደት በኋላ በ2ኛው መቶ ዓመት የኖረው አውሉስ ጌሊዩስ ይህን ጉዳይ አንስቶ ጽፏል። የጠቀሰው ከእሱ በፊት ከነበረ የታሪክ ጸሐፊ ነው፦ «ኢቢ ኦኪዲቱር ሚሌ ሆሚኑም።» ሲፈታ «እዚያ የሰዎች ሺህ ይገደላል» ነው። ግሱ ነጠላ ነው። ለምን «ይገደላሉ» አላለም? ጌሊዩስ ሲያስረዳ እዚህ ላይ ሚሌ ቅጽል አይደለም፣ የአንድ ሺህ ስብስብ ስም ነው ይላል። እንግሊዝኛ ብቻ የሚያውቅ ተማሪ እዚህ ላይ ግራ ይጋባል። አማርኛ ተናጋሪ ግን መጋባት የለበትም። እኛስ «ሺህ ሰው መጣ» አይደል የምንለው? ሺህ ሆነው ሳለ ግሳችን ነጠላ ነው።

ጥቅልነቱ ጎልቶ የሚታየው በመንገድ ልኬት ላይ ነው። ሮማውያን ርቀት የሚለኩት በ«ፓሱስ» ነበር። ፓሱስ አንድ እርምጃ አይደለም። ቀኝ እግር ከተነሣበት ተነሥቶ እንደገና መሬት እስኪነካ ያለው፣ ማለት ሁለት እርምጃ ነው። አምስት የሮማ ጫማ ይሆናል፣ ወደ 1.48 ሜትር ገደማ። ሺህ ፓሱስ ሲሆን «ሚሌ ፓሱስ» ወይም «ሚሌ ፓሱዩም» ይባላል፣ ወደ 1,480 ሜትር። ከአንድ በላይ ሲሆን «ሚሊያ ፓሱዩም» ነው። ዩሊየስ ቄሳር ስለ ጎል (የዛሬዋ ፈረንሳይና አካባቢዋ) ጦርነት ሲጽፍ ገና መጀመሪያ ላይ የሄልቬቲያውያን አገር ርዝመቱ 240 ሚሊያ ፓሱዩም፣ ወርዱ 180 ነው ይላል። «ሁለት መቶ አርባ ሺህ ፓሱስ» ብሎ መተርጎም ስህተት ባይሆንም ሮማዊው አንባቢ እንደዚያ አልሰማውም። እሱ የሰማው «240 ማይል» ነው።

ማይል የሚለው ቃል ራሱ እኮ ከዚህ ነው የመጣው። «ፓሱስ» የሚለው ከአፍ ወድቆ «ሺህ» ብቻውን ቀረ። የዛሬው የእንግሊዞች ማይል 1,609 ሜትር የሆነው እ.ኤ.አ. በ1593 በወጣ ሕግ 5,280 ጫማ እንዲሆን ስለተወሰነ ነው፤ የሮማው 5,000 ጫማ ነበር። ሮማውያን በየማይሉ መንገድ ዳር ድንጋይ ያቆሙ ነበር። ድንጋዩ «ሚሊያሪዩም» ይባላል። አውግስጦስ ቄሳር ደግሞ ከልደት በፊት በ20 ዓመት ሮማ መሀል አደባባይ ላይ «ሚሊያሪዩም አውሬዩም»፣ የወርቁን የማይል ድንጋይ፣ አቆመ።

ይህ ቃል የአማርኛው መጽሐፍ ቅዱስ ውስጥም አለ፤ መልኩን ቀይሮ እንጂ። ማቴዎስ ምዕራፍ 5 ቁጥር 41 ላይ «አንድ ምዕራፍ ትሄድ ዘንድ» የሚያስገድድ ሰው ይነሣል። የግሪኩ ጽሑፍ እዚያ ቦታ ላይ «ሚሊዮን» ነው የሚለው። ቁጥሩ ሚሊዮን አይደለም፤ ግሪኮች ከሮማውያን የወሰዱት የማይል ስም ነው። አገሩ በሮማ ሥር ነበርና የመንገዱ መለኪያም የሮማ ነበር። ተርጓሚዎቻችን «ምዕራፍ» አሉት። መንገደኛ ከሚያርፍበት የመጣ ቃል ስለሆነ ለአማርኛ ጆሮ የሚስማማ ምርጫ ነው።

መጽሐፍ ቅዱስን ካነሣን አይቀር አንድ ሌላ ላሳይሽ። እኔ ከሁሉም የምወደው ምሳሌ ነው። በ1ኛ ሳሙኤል ምዕራፍ 18 ሴቶቹ ሲዘፍኑ በአማርኛችን «ሳኦል ሺህ፥ ዳዊትም እልፍ ገደለ» ይላሉ። ቅዱስ ጄሮም ወደ ላቲን ሲመልሰው «ፔርኩሲት ሳኡል ሚሌ፣ ኤት ዳቪድ ዴኬም ሚሊያ» አለው። ሚሌና ሚሊያ በአንድ ዓረፍተ ነገር ውስጥ ጎን ለጎን ቆሙልሽ። ለሳኦል አንድ ጥቅል፣ ለዳዊት አሥር ጥቅል። ላቲን ለእልፍ የራሱ ቃል የለውም፤ «አሥር ሺዎች» ከማለት ሌላ መንገድ አልነበረውም።

እኛ ግን እልፍ አለን። በግዕዙ አቆጣጠርም ፼ ብለን እንጽፈዋለን። ለሺህ ደግሞ በተራው የግዕዝ ቁጥር የራሱ ምልክት የለውም፤ ፲፻ ብለን «አሥር መቶ» ነው የምንጽፈው። እንግዲህ ሮማውያን ሺህ አላቸው እልፍ የላቸውም፤ ግዕዝ የእልፍ ምልክት አለው የሺህ የለውም። እስራኤል ያሉ ወገኖቻችን ደግሞ የሚያውቁት ሌላ ነገር አለ። በዕብራይስጥ «ኤሌፍ» 1,000 ነው። ዱባይ ወይም ሪያድ የሚሠራውም «አልፍ» ሲባል 1,000 መሆኑን ገበያ ላይ ይማራል። ቃሉ የኛው እልፍ ወንድም ነው፤ በግዕዝ ግን አሥር እጥፍ አድጎ 10,000 ሆነ። የትልልቅ ቁጥር ስሞች እንደዚህ ናቸው። ከሰው ሰው፣ ከአገር አገር ሲሄዱ መጠናቸው ይንሸራተታል። ሚሌም ያጋጠመው ይኸው ነው።

ወደ ሚሊግራም እንመለስ። ሮማዊ «አንድ ሺኛ» ለማለት ሲፈልግ «ሚሌሲማ ፓርስ» ይላል፣ «ሺኛ ክፍል» እንደማለት። ሚሌን ብቻውን ለክፍልፋይ አይጠቀምም። እ.ኤ.አ. ሚያዝያ 7 ቀን 1795 የፈረንሳይ አብዮታዊ መንግሥት የሜትር ሥርዓትን በሕግ ሲደነግግ አንድ ብልሃት ተጠቀመ። መለኪያውን ለሚያበዙት ቅጥያዎች ከግሪክ ወሰደ፦ ዴካ፣ ሄክቶ፣ ኪሎ፣ ሚሪያ። ለሚከፋፍሉት ከላቲን ወሰደ፦ ዴሲ፣ ሴንቲ፣ ሚሊ። ኪሎ የመጣው «ኪሊዮይ» ከሚለው የግሪክ ቃል ነው፤ ትርጉሙ ሺህ ነው። ሚሊም ሺህ ነው። ሁለቱም ሺህ ሆነው ሳለ አንዱ እንዲያበዛ፣ አንዱ እንዲከፍል ተስማሙበት። ሚሪያ ደግሞ 10,000፣ ያው እልፍ ነበር፤ ዛሬ ከሥርዓቱ ወጥቷል።

እንግዲህ ገበያ ወጥተሽ «ሽንኩርት ኪሎው ስንት ነው?» ስትዪ በቃሉ ጥንተ ትርጉም «ሺሁ ስንት ነው?» እያልሽ ነው። ላብራቶሪ ገብተሽ «አምስት ሚሊ» ስትዪም ቃሉ ያው ሺህ ነው። የሚገርመው፣ ብዙ የቋንቋ ሊቃውንት ሚሌና ኪሊዮይ ራሳቸው ከአንድ ጥንታዊ ሥር የወጡ ናቸው ይላሉ። ግምቱ ልክ ከሆነ ኪሎና ሚሊ የአንድ አያት የልጅ ልጆች ናቸው።

አንድ ማሳሰቢያ ላክልበት። «ግሪክ ያበዛል፣ ላቲን ይከፍላል» የሚለውን ደንብ ከዚያ ከ1795ቱ ዝርዝር አታሳልፊው። ማይክሮ ግሪክ ነው፣ ግን ይከፍላል፤ ሚሊዮንኛ ነው። የገባው በኋላ፣ በ19ኛው መቶ ዓመት ነው። ለፋርማሲ ሰው ሚሊና ማይክሮን በቋንቋቸው መለየት አይበቃም፤ በመጠናቸው መሸምደድ ግድ ነው። በመካከላቸው ሺህ እጥፍ አለ።

ሚሊዮን ሮማውያን ጋ አልነበረም ብያለሁ። ታዲያ ምን ይሉ ነበር? «ዴኪየስ ኬንቴና ሚሊያ» ይላሉ፤ አሥር ጊዜ መቶ ሺህ። አሁንም ጥቅሉን ነው የሚቆጥሩት። የገንዘብ ወሬ ሲሆን ደግሞ ያሳጥሩታል። «ዴኪየስ»፣ «አሥር ጊዜ» ብቻ ይላሉ፤ መቶ ሺሁን ሰሚው ይሞላዋል። የግዕዙም ስሌት ተመሳሳይ ነው፦ ፻፼፣ መቶ እልፍ፣ ሚሊዮን። በመካከለኛው ዘመን ጣሊያኖች ሚሌ ላይ «ኦኔ» የሚለውን የማግዘፊያ ቅጥያ ጨምረው «ሚሊዮኔ» አሉ። ትርጉሙ «ትልቁ ሺህ» ነው። በቃ፣ ሌላ ምሥጢር የለውም። ጀርመን አገር ያላችሁ ግን ተጠንቀቁ። እዚያ ሺህ ሚሊዮን «ሚሊያርዴ» ነው፤ «ቢሊዮን» ሲሉ የኛ ሺህ ቢሊዮን ማለታቸው ነው። እዚያው ጀርመን ለሹፌር የሚለካው የደም አልኮል «ፕሮሚለ» የሚባለውም ከዚህ ነው። «ፕሮ ሚሌ»፣ ከሺህ እንደማለት። ፐርሰንት ከመቶ እንደሆነው ማለት ነው።

አሁን ደግሞ ሚሌ ቁጥር መሆኑን የሚተውበት ቦታ አለ። አማርኛችን «ሺህ ጊዜ ነገርኩህ» ሲል ማንም ቁጭ ብሎ አይቆጥርም። «ሺ ቢታለብ ያው በገሌ» ያለችው ድመትም የላሞቹን ቁጥር አላጣራችም። ላቲንም እንደዚሁ ነው። ከልደት በፊት በ1ኛው መቶ ዓመት የኖረው ገጣሚ ካቱሉስ ፍቅረኛውን ሺህ ሳሚኝ፣ ከዚያ መቶ፣ ደግሞ ሌላ ሺህ፣ ደግሞ መቶ እያለ ይቀጥላል። ከደመርሽው 3,300 ይደርሳል። ከዚያ በኋላ ቁጥሩን እናምታታው ይላል። ለምን? ቁጥሩን ያወቀ ምቀኛ በክፉ ዓይኑ እንዳያያቸው ነው። ይህን ግጥም ለአማርኛ ተናጋሪ ማስረዳት አያደክምም፤ ክፉ ዓይን ምን እንደሆነ ያውቃል። ለማጋነን ግን ሮማውያን ከሚሌ ሌላ አንድ እንግዳ ቁጥርም ነበራቸው፦ «ሴስኬንቲ»፣ ስድስት መቶ። የሮማው አንደበተ ርቱዕ ሲሴሮ «ስድስት መቶ ምክንያት አለኝ» ዓይነት ነገር ሲል ካየሽ ቆጥሮ አይደለም፤ «እልቆ መሳፍርት የለውም» ማለቱ ነው።

አዲስ አበባ ኬክ ቤት ገብተሽ ስስ ሊጡ የተደራረበውን፣ መሀሉ ክሬም ያለውን ኬክ ካዘዝሽ ይኸው ሚሌ አለበት። ጣሊያኖች «ሚሌ ፎሊዬ»፣ ሺህ ቅጠል ይሉታል። በእንግሊዝኛ «ሚሊፒድ» የሚባለው ብዙ እግር ያለው ተሳቢም ስሙ «ሺህ እግር» ማለት ነው። ለዘመናት ግን ሺህ እግር የሞላው አልተገኘም ነበር። እ.ኤ.አ. በ2021 ከምዕራብ አውስትራሊያ፣ ለማዕድን ፍለጋ ከተቆፈረ ጥልቅ ጉድጓድ 1,306 እግር ያለው መገኘቱ ይፋ ሆነ። ተመራማሪዎቹ «ዩሚሊፔስ» አሉት፤ እውነተኛው ባለ ሺህ እግር።

ዘመድ የሚመስሉ ግን ያልሆኑ ቃላትም አሉ። የአፋሯ ሚሌ ከተማና ወንዙ ከላቲኑ ጋር ፊደል እንጂ ዝምድና የላቸውም። ሚሊሻ የሚለው የመጣው «ሚሌስ» ከሚለው ነው፤ ወታደር ማለት ነው። የሮማው ሊቅ ቫሮ ሚሌስን ከሚሌ ጋር አያይዞታል። በጥንቱ ጦር ከሦስቱ ነገድ እያንዳንዱ ሺህ ሺህ ሰው ይልክ ስለነበር ነው ይላል። ጆሮ ላይ ያምራል። የዛሬ ሊቃውንት ግን በጥርጣሬ ነው የሚያዩት፤ እኔም ከእነሱ ጋር ነኝ። ሚሊኒየም ግን የሥጋ ዘመድ ነው፦ ሚሌ እና «አኑስ»፣ ዓመት። እኛ መስከረም 1 ቀን 2000 ዓ.ም. ካከበርነው ወዲህ ብዙ ሰው ሚሊኒየም ሲል ያቺን ዓመት ብቻ ማለቱ ነው። ቃሉ ግን ሺህ ዓመቱን በሙሉ ይይዛል።

ስለ ምልክቱ አልጠየቅሽኝም፤ ለሙያሽ ግን ያስፈልግሻልና ልጨምረው። ለሺህ «ኤም» የሚለውን ፊደል መጻፍ የኋላ ልማድ ነው። የቀድሞዎቹ ሮማውያን ምልክት ክብ ነገር በቀጥታ መስመር መሀል ለመሀል የተሰነጠቀ ይመስል ነበር። የቀኙ ግማሹ ተቆርጦ «ዲ» መሰለ፤ 500 በሮማ ቁጥር «ዲ» የሆነው ለዚህ ነው። የሺህ ግማሽ፣ በምልክትም ግማሽ።

ዛሬ «ኤም» ብዙ ሥራ አለው፤ ችግሩም ያ ነው። ዩቲዩብ ላይ የሚሠሩ ሰዎች «ሲፒኤም» ሲሉ የመጨረሻዋ ፊደል ሚሌ ናት፤ የማስታወቂያ ዋጋ በሺህ እይታ። የተፈጥሮ ጋዝ ነጋዴዎች ጋ አንድ ኤም ሺህ ነው፣ ሁለት ኤም ተከታትለው ሲጻፉ ሚሊዮን ነው። በሜትር ሥርዓት ደግሞ ትንሿ ኤም ሚሊ ናት፣ ትልቋ ሜጋ፣ ማለት ሚሊዮን እጥፍ። ትንሿን በትልቋ ከተካሽ በቢሊዮን እጥፍ ተሳሳትሽ ማለት ነው። በድሮ የመድኃኒት ማዘዣ ላይ ከቅመሞቹ ዝርዝር በታች ብቻዋን የምትቆም ትልቅ ኤም ካገኘሽ ደግሞ ሚሌም፣ ሚሊም፣ ሜጋም አይደለችም። «ሚስኬ» ናት፤ «ቀላቅል» ብሎ ሐኪሙ ለመድኃኒት ቀማሚው የሚያዝበት የላቲን ቃል ነው።